አንድ መድኃኒት፣ ሁለት ስም፤ የእኔን ኢንሹራንሱ ከፈለ፣ የእህቴን ለምን ከለከለ?

እኔና ታላቅ እህቴ በአንድ ወር ውስጥ መርፌ ታዘዘልን። የእኔ ለስኳር ነው፣ የእሷ ለክብደት። የእኔ ማዘዣ ኦዜምፒክ ይላል፣ የእሷ ዊጎቪ። ውስጡ ያለው መድኃኒት ግን ያው ሴማግሉታይድ ነው። አምራቹም አንድ ነው፣ ኖቮ ኖርዲስክ። ኢንሹራንሳችንም አንድ ነው። የእኔ ጉዳይ በሁለት ቀን አለቀ። የእሷ ተራ ሲደርስ ፋርማሲስቷ ስክሪኑን ወደ እኛ አዞረችልን። በቀይ የተጻፈ አንድ መስመር ነው። አይከፈልም ይላል።

እህቴ ሁለት ዓይነት የግፊት ክኒን ትውጣለች። ደረጃ ስትወጣ መሀል ላይ ቆማ ጉልበቷን ይዛ ታርፋለች። የምንተኛው አንድ ክፍል ነው። ታንኮራፋለች፣ ከዚያ ድንገት ጸጥ ትላለች። ያን ጊዜ መቁጠር እጀምራለሁ። አንድ ሌሊት 24 ደርሼ ልቀሰቅሳት ብርድ ልብሱን ስገፋ በረጅሙ ተነፈሰች። ጠዋት ስነግራት ምንም አታስታውስም።

የሦስት ወር ስኳሯ 6.2 ነው። ስኳር ያዘው ለመባል 6.5 መድረስ አለበት። እንግዲህ 0.3 ብትጨምር ይከፈልላታል ማለት ነው። እኔ የታመምኩት ስለተከፈለልኝ ደስ ሊለኝ አልቻለም። ጥያቄዬ ሁለት ነው። ለምን እንዲህ ይሆናል? ምንስ ማድረግ እንችላለን?

እስከዚህ ያለው ይህን የኢንተርኔት ውይይት ክር (ጥያቄና በሥሩ የሚከተሉት መልሶች) ስከፍት የጻፍኩት ነው። አሁን ክሩ ረዝሟል። አዲስ የሚገባ ሰው የታችኛውን ሳያነብ ያንኑ ይጠይቃል። ስለዚህ መልሶቹን በየቁጥራቸው እየጠራሁ እዚሁ አስቀምጫቸዋለሁ። ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መልስ 1 ከአንዲት እናት ነው የመጣው። አይዞሽ ካሉኝ በኋላ አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ። ደብዳቤው ላይ የተጻፈው ምክንያት በቃል በቃሉ ምንድን ነው? መስፈርቱን አላሟላችም ነው ወይስ ውሉ ውስጥ የለም? እውነቱን ለመናገር እኔም እህቴም ደብዳቤውን እስከ መጨረሻው አላነበብነውም ነበር። የመጀመሪያውን መስመር አይተን ተናደን መሳቢያ ውስጥ ከተነዋል። አውጥቼ አነበብኩት። ምክንያቱ ሁለተኛው ገጽ ላይ፣ ከታች፣ በደቃቁ ተጽፏል። ክብደት ለመቀነስ የሚሰጡ መድኃኒቶች በዚህ ውል አይሸፈኑም ይላል። ይህንኑ በመልስ 2 ለጠፍኩት።

በመልስ 3 አንድ ሰው ታሪኩን አስተካከለልኝ። ኦዜምፒክ በአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር የጸደቀው በዲሴምበር 2017 ለሁለተኛው ዓይነት ስኳር ነው። ዊጎቪ በጁን 2021 ለክብደት ጸደቀ። የሌላው ኩባንያ የኢላይ ሊሊም እንደዚሁ ነው። መድኃኒቱ ቲርዜፓታይድ በ2022 ማውንጃሮ ተብሎ ለስኳር ወጣ፣ በ2023 ደግሞ ዜፕባውንድ ተብሎ ለክብደት። ለኢንሹራንስ ሁለት ስም ማለት ሁለት መድኃኒት ማለት ነው። በዝርዝሩ ላይ አንዱ አለ፣ ሌላው የለም።

መልስ 4 እኔን አረመ። ልዩነቱ ስሙ ብቻ እንዳልሆነ ነገረኝ። ኦዜምፒክ በሳምንት እስከ 2 ሚሊግራም ይደርሳል፣ የዊጎቪ የተለመደው ሙሉ መጠን 2.4 ነው። ሁለቱም ግን ከ0.25 ነው የሚጀምሩት። ልክ ነው፣ ተቀብያለሁ።

መልስ 5ን ሁለት ጊዜ አንብቡት እላለሁ። የጻፈው ሰው ለዓመታት የኢንሹራንስ ጥያቄዎችን ሲያይ የኖረ ነው። መጀመሪያ የመልስ 1ን እናት አመሰገነ፤ ቁልፉን ነገር የጠየቁት እሳቸው ናቸውና። ከዚያ ነገሩን እንዲህ አስረዳ። እምቢታ ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው መድኃኒቱ ዝርዝሩ ላይ ኖሮ የታማሚው ወረቀት ሲጎድል ነው። ምናልባት ሐኪሙ ቅድመ ፈቃድ አልጠየቀም። ምናልባት ክብደቷንና ቁመቷን አልጻፈም። ለክብደት መርፌ በተለምዶ የክብደትና የቁመት ምጣኔው (ቢኤምአይ) ቢያንስ 30 መሆን አለበት፣ ወይም ቢያንስ 27 ሆኖ እንደ ግፊት ያለ ሕመም አብሮት መኖር አለበት። ለስኳር ከሆነ ደግሞ ብዙውን ጊዜ መጀመሪያ ሜትፎርሚን የሚባለው የስኳር ክኒን ተሞክሮ እንደሆነ ያያሉ። እንዲህ ያለው እምቢታ በወረቀት ይፈታል። ሐኪሙ ስልክ ደውሎ ከኢንሹራንሱ ሐኪም ጋር ቢነጋገር በዚያው ቀን የሚገለበጥበት ጊዜም አለ።

ሁለተኛው ዓይነት የእህቴ ነው። ውሉ ራሱ ክብደትን በጅምላ አስወጥቶታል። ይህን የወሰነው ብዙ ጊዜ ሠራተኛው የማይጠረጥረው አካል ነው፤ ውሉን ሲገዛ ያ ክፍል እንዳይገባ የመረጠ የራሱ መሥሪያ ቤት። እዚህ ላይ መቶ ገጽ የሕክምና ማስረጃ ብታቀርቡ ማንም አይከራከራችሁም፣ ግን አይከፍልም። ደጋግሞ ያስጠነቀቀው ቀኑን ነው። አሜሪካ ውስጥ በግል ኢንሹራንስ ላይ ይግባኝ ለማለት እምቢታው ከደረሰ ጀምሮ 180 ቀን አለ። ያም ካልሆነ ጉዳዩን ከኩባንያው ውጭ የሆነ ገለልተኛ አካል እንዲያየው በ4 ወር ውስጥ መጠየቅ ይቻላል። ደብዳቤውን መሳቢያ ውስጥ የከተተ ሰው ሳያውቀው ቀኑን ይበላል። የእኛ 40 ቀን አልፎት ነበር።

መልስ 6 ላይ አንድ አባት ገቡ። ጸሐፊው ከ5 ጋር እንደሚስማሙ ገልጸው፣ ነገሩ ግን ዛሬ እንዳልተጀመረ አስታወሱ። በ1990ዎቹ ፌን-ፌን የሚባል፣ ሁለት መድኃኒቶች አብረው የሚወሰዱበት የክብደት ሕክምና ነበር። የልብ ቫልቭ ጎድቶ ተገኘና ከሁለቱ አንዱ፣ ፌንፍሉራሚን፣ በ1997 ከገበያ ወጣ። ከዚያ በ2003 የሜዲኬር (በዋናነት የአረጋውያን የሆነው የአሜሪካ መንግሥት ኢንሹራንስ) የመድኃኒት ሽፋን ሕግ ሲወጣ የክብደት መቀነሻ መድኃኒቶች ከሽፋኑ ውጭ ተደረጉ። ያን ጊዜ ውፍረት ሕመም ነው ብሎ የሚያስብ ሰው ጥቂት ነበር። የአሜሪካ ሐኪሞች ማኅበር ራሱ ሕመም ነው ያለው በ2013 ነው። እንደ እሳቸው አባባል ሕጉ በአሮጌ ፍርሃት ተጽፎ፣ አዲሱ መድኃኒት እሱ ላይ መጥቶ ተጋጨ። የግል ኢንሹራንሶችም ያንኑ ልማድ ይዘው ቀሩ። ከመልሶቹ ሁሉ የተረጋጋው የእሳቸው ነበር።

ከዚያ በኋላ ነው የጋለው።

መልስ 7ን የጻፈው ሰው ስኳር ከያዘው 19 ዓመቱ ነው። ለእህቴ እንደሚያዝን ገለጸ፣ ግን ቁጭቱን አልደበቀም። ሴማግሉታይድ ከ2022 ጀምሮ እጥረት ዝርዝር ላይ ነበር፤ እጥረቱ አልቋል የተባለው በ2025 መጀመሪያ ነው። በዚያ መሀል እሱ ከፋርማሲ ፋርማሲ እየዞረ ባዶ እጁን ሲመለስ፣ ጥቂት ኪሎ ለመቀነስ የሚፈልጉ ሰዎች የእሱን መድኃኒት ይወጉ ነበር። ሰባት ሳምንት ሳይወጋ ቀርቶ ስኳሩ አሻቅቦበታል። እውነት አለው። ቁጭቱ ግን ወደ እህቴ መሄድ አልነበረበትም።

መልስ 8 ከዚያ ባሰ። አፍን መዝጋት ነጻ ነው የሚል ሐሳብ ነበር፣ ከዚህ በላይ ልዘረዝረው አልፈልግም። መልስ 9 ክፉኛ መለሰለት። የግፊት በሽተኛ ጨው አላበዛህም ወይ ተብሎ ክኒን ይከለከላል ወይ፣ ሲጋራ ያጨሰ ሰው የሳንባ ሕክምናው ይቋረጣል ወይ እያለች ጠየቀችው። መጨረሻ ላይ የጨመረችውን ስድብ አስተባባሪው አጠፋው። ስድቡ ባይኖር ኖሮ ጥያቄዋ የበለጠ ይመታ ነበር።

መልስ 10 የነርስ ነው። 8ንም 9ንም ሳትቆጣ ወደ ሰውነት አሠራር መለሰችን። እነዚህ መርፌዎች አንጀት ራሱ ከምግብ በኋላ የሚያወጣውን ሆርሞን ይመስላሉ። ለቆሽት ኢንሱሊን አውጣ ይሉታል፣ ሆድ ምግቡን ቀስ ብሎ እንዲያሳልፍ ያደርጋሉ፣ አእምሮን ጠግበሃል ይሉታል። አንድ ሰው ክብደት ሲቀንስ ሰውነቱ እንደ ረሃብ ዘመን ቆጥሮት የረሃብ ስሜቱን ከፍ ያደርጋል። አፍ መዝጋት የሚያቅተው ለዚህ ነው። ስለ ጉዳታቸውም አልሸፈነችም። ማቅለሽለሽ የተለመደ ነው፣ የቆሽት መቆጣት ግን አልፎ አልፎ አለ። በቤተሰቡ ሜዱላሪ የሚባለው የታይሮይድ ካንሰር ያለበት ሰው መውሰድ የለበትም።

መልስ 11 የጻፈው ሰው የሂሳብ ሰው ይመስለኛል። የኢንሹራንሶቹን ጎን ይዞ፣ ግን በጨዋ ደንብ ተከራከረ። ውፍረት ያለበት ሰው እጅግ ብዙ ነው። መርፌው ደግሞ ለወር ለሁለት ወር የሚወሰድ አይደለም። በአንድ የታወቀ ጥናት ሰዎች በ68 ሳምንት 15 በመቶ ያህል ክብደት ቀንሰው፣ ካቆሙ በኋላ በአንድ ዓመት ውስጥ ከቀነሱት ሁለት ሦስተኛውን መልሰው ጨምረዋል። ስለዚህ የሚከፍለው ዕድሜ ልክ ነው የሚከፍለው። ያ ወጪ ዞሮ ዞሮ ሁላችንም የምናዋጣው ላይ ይጫናል።

በዚሁ ላይ የሰጠውን ሁለተኛ ምክንያት ከዚያ በፊት አስቤው አላውቅም ነበር። ሰው ሥራ ሲቀይር ኢንሹራንስ ይቀይራል። ዛሬ መርፌውን የከፈለው ድርጅት ከአሥር ዓመት በኋላ ያልመጣውን የልብ ድካም አያይም። ትርፉን የሚያገኘው ያኔ ሰውየውን የያዘው ሌላ ኢንሹራንስ ነው። አሳማኝ ነው። ግን እህቴ መድኃኒቱን እንዳታገኝ የሚያደርጋት ይሄ ከሆነ፣ ጥፋቱ የአከፋፈሉ ሥርዓት ነው እንጂ የእሷ ሰውነት አይደለም። ይህንኑ ጻፍኩለት። ተስማማ።

መልስ 12 እንግሊዝን ጠቀሰ። እዚያ የመንግሥት የጤና አገልግሎት ቲርዜፓታይድን ለክብደት ፈቅዷል፣ ግን ሁሉም በአንዴ አይደርሰውም። በመጀመሪያው ዓመት በቤተሰብ ሐኪም በኩል ቅድሚያ የተሰጠው ምጣኔው ቢያንስ 40 ለሆነና ቢያንስ አራት ተያያዥ ሕመሞች ላሉበት ሰው ነው። ኢንሹራንስ ባይኖርም ወረፋው አለ። 13 ደግሞ የዓለም ጤና ድርጅት በ2025 እነዚህን መድኃኒቶች ከመሠረታዊ መድኃኒቶች ዝርዝር እንዳስገባቸው ሲጽፍ፣ ነርሷ በ14 ተመልሳ አረመችው። የገቡት ሁለተኛው ዓይነት ስኳር ኖሮበት የልብ ወይም የኩላሊት ሕመምና ውፍረት ላለበት ሰው ነው። ለክብደት ብቻ አይደለም።

15 ከርዕስ ወጣ፣ ግን ወደድኩት። የዚህ ቤተሰብ የመጀመሪያው መድኃኒት ኤክሴናታይድ የተገኘው ጊላ ሞንስተር ከምትባል መርዘኛ እንሽላሊት ምራቅ ላይ በተደረገ ምርምር ነው። የጸደቀውም በ2005 ነው። እህቴ ይህን ሳነብላት እጇን ከመርፌዬ ሣጥን ላይ አነሣች።

አሁን ወደ 16። አንድ ሰው በቅን ልቦና፣ እኛን ለመርዳት ብሎ፣ ሐኪሙን ለምነን የስኳር ኮድ (ሕመሙን ለኢንሹራንሱ የሚገልጸውን ምልክት) እንዲጽፍላት እንድናደርግ መከረን። የቀራት 0.3 ብቻ ነው ብሎ አሰበ። እህቴ ለአንድ ምሽት አሰበችበት፣ አልዋሽም። መልስ 17 ግን አጥብቆ ተቆጣ። ያ ማጭበርበር ነው። ሐኪሙን ፈቃዱን ሊያስነጥቀው ይችላል። እሷ ላይ ደግሞ የሌለባት ሕመም መዝገቧ ላይ ይጻፋል፤ ነገ የሕይወት መድን ስትጠይቅ ይከተላታል። ቢደረስበት ኢንሹራንሱ የከፈለውን መልሶ ይጠይቃል። 16 ሐሳቡን ወዲያው አነሣና ይቅርታ ጠየቀ። እኔም እዚህ ላይ አቋሜን ልናገር። ሥርዓቱ ስላልጠቀመን አንዋሽም። የእውነተኛውን ሕመም ስም ፈልገን እናገኛለን እንጂ የሌለ ሕመም አንፈጥርም።

ያንን ስም ያገኘልን መልስ 18 ነው። ጸሐፊዋ በእንቅልፍ ምርመራ ክፍል የምትሠራ ባለሙያ ናት። ሁሉም ስለ ኢንሹራንሱ ሲያነብ እሷ ያነበበችው ስለ ቆጠራዬ ነው። ሰው ሲያንኮራፋ ቆይቶ ትንፋሹ ለ10 ሰከንድና ከዚያ በላይ ከቆመ ስሊፕ አፕኒያ ሊሆን እንደሚችል፣ 24 ደግሞ ቀልድ እንዳልሆነ ነገረችን። ግፊቷ በሁለት ክኒን አልወርድ ያለው በዚህም ሊሆን ይችላል። ከዚያ ዋናውን ጨመረች። ዜፕባውንድ በዲሴምበር 2024 ውፍረት ላለባቸው ሰዎች ለመካከለኛና ለከባድ አፕኒያ ሕክምና ጸድቋል። ዊጎቪም በማርች 2024 የልብ ሕመም ላለበትና ክብደቱ ለበዛ ሰው ድንገተኛ የልብ ሕመምንና ስትሮክን ለመቀነስ ጸድቋል። ከዚያ በኋላ ሜዲኬርም በዚያ ምክንያት እንዲሸፈን በር ከፍቷል። ስለዚህ ውሉ የሚያስወጣው ለክብደት የታዘዘውን ከሆነ፣ ለትንፋሽ የታዘዘው ሌላ ጥያቄ ነው።

ይህን ባነበብኩበት ሌሊት ስልኬን አስጠግቼ የእህቴን አተነፋፈስ ቀዳሁት። ጠዋት አሰማኋት። ፀጥታው ሲረዝም ፊቷ ተለወጠ። ሐኪም ዘንድ የሄደችው በዚያው ሳምንት ነው።

መልስ 19 ስለ ሐሰተኛ መርፌ ነበር። ኢንሹራንስ ሲከለክል ሰው ወደ ኢንተርኔት ሻጭ ይሄዳል። የዓለም ጤና ድርጅት በጁን 2024 ስለ ሐሰተኛ ሴማግሉታይድ ማስጠንቀቂያ አውጥቷል። እባካችሁ ከማይታወቅ ሰው አትግዙ። ይህን እኔም እለምናችኋለሁ።

መልስ 20 የእኔ ነው። ውጤቱን ጻፍኩ። እህቴ ደረቷ ላይ ቀበቶ፣ አፍንጫዋ ላይ ቱቦ፣ ጣቷ ላይ መቆንጠጫ ተደርጎላት አንድ ሌሊት ተኛች። በሰዓት 31 ጊዜ ትንፋሿ ይቆማል ወይም ይደክማል። 30ና ከዚያ በላይ ከባድ ይባላል። ሐኪሟ ሲፓፕ የሚባለውን የማታ መተንፈሻ አዘዘላት። ከእሱ ጋር ዜፕባውንድ፣ በአፕኒያ ኮድ። የምርመራውን ወረቀት፣ የግፊቷን መዝገብና ክብደቷን አያይዞ ቅድመ ፈቃድ ጠየቀ። በመጀመሪያ እምቢ አሉ፤ አሁንም የክብደት መድኃኒት ነው ብለው። ሐኪሟ በመልስ 5 እንደተባለው ደወለ። የኢንሹራንሱ ሐኪም ምርመራውን ከፍቶ አየ። በዘጠነኛው ቀን የስድስት ወር ፈቃድ ተላከ። ፋርማሲስቷ ስክሪኑን እንደገና አዞረችልን፣ አሁን ቀይ መስመር የለም።

ከዚያ በኋላ የደስታ መልእክት በዛ። 21 መርፌው ከፍሪጅ ውጭ ስንት ቀን እንደሚቆይ ጠየቀ። ኦዜምፒክ ከሆነ ከተጀመረ በኋላ 56 ቀን ነው፣ ግን በረዶ እስኪሆን አይቀዝቅዝ፤ በረዶ የሆነ አይወጋም። የመልስ 7 ሰውዬም በ22 ተመለሰ። እህቴን እንኳን ደስ አለሽ አላት፣ ቁጭቱ በእሷ ላይ እንዳልነበረም ገለጸ። አመሰገነችው።

በ23 የመልስ 5 ሰው አንድ ነገር ጠየቀ፣ እስካሁን መልስ የሰጠው የለም። ስድስት ወሩ ሲያልቅ ኢንሹራንሱ መድኃኒቱ መሥራቱን የሚያሳይ ማስረጃ ይፈልጋል። እህቴ ክብደቷ ከቀነሰና በሰዓት 31ዱ ወደ 10 ከወረደ፣ አፕኒያሽ ከባድ ስላልሆነ ከእንግዲህ አያስፈልግሽም ይሏታል ወይስ ስለሠራልሽ ቀጥይ? እንዲህ ያለ ፈቃድ ያሳደሰ ሰው ካለ ደብዳቤው ላይ ምን እንደተጻፈ እዚህ ይጻፍልን። እህቴ ማክሰኞ ሐኪሟ ዘንድ ቀጠሮ አላት፣ ጥያቄውን በወረቀት ጽፌ ቦርሳዋ ውስጥ አስቀምጬላታለሁ።